ቬርና ፊልድስ፦ ከድምፅ ቅንብር ተለማማጅነት እስከ ምክትል ፕሬዚዳንትነት

ፊልም ሲነሳ ቀድመው የሚታወሱት ተዋናዩና ዳይሬክተሩ ናቸው። የተቀረፀውን ምስል መርጠውና ቆርጠው፣ ከድምፅ ጋር አዋህደው ለዕይታ የሚያበቁ ባለሙያዎች ግን ስማቸው እምብዛም አይጠቀስም። በዚሁ ሙያ ለከፍተኛ ኃላፊነት ከበቁት መካከል አሜሪካዊቷ ቬርና ፊልድስ ይገኙበታል።

እ.ኤ.አ. በ1918 በሚዙሪ ግዛት ሴንት ሉዊስ ከተማ የተወለዱት ፊልድስ፣ በ1940ዎቹ በሆሊውድ በድምፅ ቅንብር ተለማማጅነት ሥራ ጀመሩ። የፊልም አርታኢውን ሳም ፊልድስን አግብተው ሁለት ወንዶች ልጆች ሲያፈሩ ሙያቸውን አቋርጠው ነበር። ይሁን እንጂ ባለቤታቸው በ1954 በማረፋቸው ቤተሰቡን የማስተዳደር ኃላፊነት በእርሳቸው ላይ ወደቀ።

ፊልድስ ወደ ሙያቸው ተመልሰው ለተከታታይ የቴሌቪዥን ፊልሞች ድምፅ ያቀናብሩ ጀመር። ልጆቻቸው ሕፃናት ስለነበሩም የሥራ መሣሪያቸውን በመኖሪያ ቤታቸው ተክለው ሌሊት ይሠሩ ነበር። በ1961 ለዕይታ የበቃውን የ«ኤል ሲድ» ፊልም ድምፅ ካቀናበሩ በኋላ ትኩረታቸውን ወደ ምስል አርትዖት አዙረዋል።

በ1960ዎቹ ለአሜሪካ መንግሥት ዘጋቢ ፊልሞችን ከማዘጋጀታቸው ባሻገር በደቡብ ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ አስተምረዋል። በዚያን ጊዜ በረዳትነት ካሠሯቸው ወጣቶች መካከል ጆርጅ ሉካስና ማርሻ ሉካስ ይጠቀሳሉ። ከማርሻ ጋር ያረተዑት የጆርጅ ሉካስ ፊልም «አሜሪካን ግራፊቲ» በ1973 ወጥቶ ለኦስካር ሽልማት አሳጭቷቸዋል።

ከሁሉ በላይ ዝናን ያተረፈላቸው በስቲቨን ስፒልበርግ ዳይሬክተርነት የተሠራውና በ1975 የታየው «ጆውስ» ነው። በቀረፃው ወቅት ሰው ሠራሹ ሻርክ በባሕር ውኃ ደጋግሞ በመበላሸቱ በቂ ምስል ሊገኝ አልቻለም። በመሆኑም አውሬው ሳይታይ መቅረቡ በውኃው እንቅስቃሴ፣ በሙዚቃውና በሰዎቹ ፊት ላይ እንዲገለጽ ተደረገ። ችግሩ በአርትዖት ጥበብ ወደ ፊልሙ ጥንካሬ ተለወጠ። ፊልሙ በአርትዖት፣ በሙዚቃና በድምፅ 3 ኦስካር ሲያገኝ የአርትዖቱን የተቀበሉት ፊልድስ ናቸው።

በ1976 የዩኒቨርሳል ኩባንያ ምክትል ፕሬዚዳንት ሆነው ተሾሙ። በወቅቱ በሆሊውድ ኩባንያዎች እንዲህ ያለ ሥልጣን የያዙ ሴቶች ጥቂት ነበሩ። ከዚያ በኋላ ሌላ ፊልም ሳያርትዑ፣ በሥራ አመራርና ወጣት ዳይሬክተሮችን በማማከር ቆይተው በ1982 በ64 ዓመታቸው አርፈዋል።

ለተማሪ የድምፅ ባለሙያዎች የሚሰጥ ሽልማት በስማቸው ተሰይሟል። ከመጋረጃ በስተጀርባ የሚከናወን ሥራም ዋጋው የማይናቅ መሆኑን የፊልድስ ሕይወት ያስረዳል።