ሐና፦ የስሟ ትርጓሜና ሕይወቷ

በቡሬ፣ በፍኖተ ሰላምና በዙሪያቸው ባለው ገጠር ምእመናን ለሴት ልጆቻቸው ከሚያወጧቸው ስሞች አንዱ ሐና ነው። ስሙ ዕብራይስጥ ሲሆን ትርጓሜው ጸጋ፣ ሞገስ ማለት ነው፤ ዮሐንስ የሚለው ስምም ከዚሁ ሥር የወጣ ነው።

በመጽሐፍ ቅዱስ አስቀድማ በዚህ ስም የተጠራችው የሕልቃና ሚስት ናት። ስሟ ጸጋ ቢሆንም ማኅፀኗ ተዘግቶ ነበርና፣ በየዓመቱ ወደ ሴሎ ሲወጡ ጣውንቷ ፍናና ታስቆጣት ነበር። ሐናም እህል ሳትቀምስ አለቀሰች፤ በእግዚአብሔር ፊት ቆማም በልቧ ጸለየች። ከንፈሯ እየተንቀሳቀሰ ድምፅዋ ስላልተሰማ ካህኑ ዔሊ የሰከረች መስሎት ገሠጻት፤ ኀዘኗን በትሕትና ስትነግረው ግን መረቃት። ሳሙኤልን ወልዳ ጡት ባስጣለችው ጊዜ እንደ ስእለቷ ለቤተ እግዚአብሔር ሰጠችው፤ በየዓመቱም ትንሽ መደረቢያ እየሠራች ትወስድለት ነበር። ከእርሱም በኋላ ሦስት ወንዶችና ሁለት ሴቶች ልጆች ወለደች።

የእመቤታችን እናት ቅድስት ሐናም ስሟን ብቻ ሳይሆን የመካንነት ኀዘኗንም ተጋርታለች። ግንቦት 1 ቀን በየመንደሩ ንፍሮ ተቀቅሎ የሚከበረው ልደታ ያ ኀዘን ወደ ደስታ የተለወጠበት መታሰቢያ ነው።

እንግዲህ ልጅ ያልወለደች እኅታችንን አንንቀፍ፤ እኛ አገልጋዮችም የሚያለቅሰውን ሳንጠይቅ አንፍረድበት።

የሐና በረከት ይደርብን፤ አሜን።