ሉዊ ፓስተር፤ መምህርነቱና የ1876ቱ ምርጫ

በአዲስ አበባ ጉለሌ አካባቢ «ፓስተር» እየተባለ የሚጠራ ሰፈር አለ። ስሙን ያገኘው ቀድሞ በዚያ ከነበረው የፓስተር ኢንስቲትዩት ነው፤ ዛሬ በሥፍራው የኢትዮጵያ የኅብረተሰብ ጤና ኢንስቲትዩት ይገኛል። ስሙ እንዲህ በነዋሪው አፍ የሚመላለሰው ሊቅ ስለ ጀርምና ስለ ክትባት ያበረከተውን የማያውቅ የሞያ ባልደረባ የለም። ለሕግ መወሰኛ ምክር ቤት ተወዳድሮ በከባድ ሽንፈት መመለሱ ግን እምብዛም አይነሣም። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሉዊ ፓስተር በ1822 በምሥራቅ ፈረንሳይ በዡራ አውራጃ፣ ዶል በምትባል ከተማ ተወለደ። አባቱ በናፖሊዮን ሠራዊት በሃምሳ አለቅነት ያገለገለ፣ በኋላም ቆዳ እያለፋ ቤተሰቡን ያስተዳደረ ሰው ነበር። ልጁ ያደገው በዚያው አውራጃ በአርቧ ከተማ ሲሆን፣ ከፍተኛ ትምህርቱን የተከታተለው ፓሪስ በሚገኘው በኤኮል ኖርማል የመምህራን ትምህርት ቤት ነው።

በ1849 በስትራስቡርግ ኬሚስትሪ ማስተማር ጀመረ፤ በዚያው ዓመትም ማሪ ሎራንን አገባ። በ1854፣ ገና የ31 ዓመት ሰው ሳለ፣ የሊል ሳይንስ ፋኩልቲ ዲን ሆኖ ተሾመ። በሊል ተማሪዎቹን እየመራ ፋብሪካ ለፋብሪካ ያዘዋውር ነበር። ከቀይ ሥር አልኮል የሚያወጡ ሰዎች ምርታቸው እየተበላሸ ቢያስቸግራቸው ወደ እርሱ መጡ፤ ስለ እርሾና ስለ መፍላት ያካሄደው ታላቅ ምርምርም በዚህ ጉዳይ ተጠናከረ። በ1857 በተማረበት በኤኮል ኖርማል የሳይንስ ትምህርት ኃላፊ ሆነ። እዚያ ግን እንደ አስተዳዳሪ አልቀናውም። ደንብ ሲያስከብር የማይለዝብ ሰው ስለ ነበረ ተማሪዎቹ አኮረፉት፤ በ1867 በተነሣው የተማሪዎች ሁከትም ኃላፊነቱን ለቅቆ ወደ ሶርቦን ሄደ። ይህን የሚያስታውስ ሰው፣ ኋላ በምርጫ የደረሰበት ብዙ ላይደንቀው ይችላል።

በ1868 የአገሩ ቤተ ሙከራዎች እርጥበት የበላቸው ጠባብ ክፍሎች መሆናቸውን በመንቀፍ ስለ ሳይንስ በጀት አንድ ትንሽ ጽሑፍ አሳተመ። በዚያው ዓመት በጥቅምት ወር አንጎሉ ውስጥ ደም ፈሶ ግራ ጎኑ ሰለለ። ከሁለት ዓመት በኋላ ከፕሩስያ ጋር ጦርነት ተነሣ። በ1871 ክረምት ፓስተር እያነከሰ፣ ከተፈታው ጦር መካከል ወታደር ልጁን ሲፈልግ ሰነበተና በሕይወት አገኘው። ከቦን ዩኒቨርሲቲ የተቀበለውን የክብር ዶክትሬትም መልሶ ላከ። ፈረንሳይ የተሸነፈችው ዩኒቨርሲቲዎቿንና ቤተ ሙከራዎቿን ችላ በማለቷ ነው የሚለውን እምነቱን በጽሑፍ አወጣ፤ ለምክር ቤት እንዲወዳደር የገፋፋውም ይኸው እምነት ነው።

አዲሱ የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት አባላት የሚመረጡት ጥር 30 ቀን 1876 ነበር። ፓስተር በትውልድ አውራጃው በዡራ እጩ ሆኖ ቀረበ። ድምፅ የሚሰጠው ሕዝቡ በቀጥታ ሳይሆን እንደራሴዎች፣ የአውራጃ ምክር ቤት አባላትና የየቀበሌው ወኪሎች ናቸው፤ አብዛኞቹም የገጠር ሰዎች ነበሩ። ፓስተር የፖለቲካ ሰው አለመሆኑን፣ የቆመው ለሳይንስና ለአገር ፍቅር መሆኑን ገለጸላቸው።

መራጮቹ ግን የሚሹት ሌላ መልስ ነበር። ሪፐብሊኩ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ በአንድ ድምፅ ብልጫ ብቻ የጸደቀ ስለ ሆነ፣ ይህ ምክር ቤት ወይ ያጸናዋል ወይ ያፈርሰዋል ተብሎ ይጠበቅ ነበር። ፓስተር ደግሞ የሦስተኛው ናፖሊዮን ወዳጅ እንደ ነበረ ይታወቃል። ስለ ሐር ትል በሽታ የጻፈውን መጽሐፍ ለንግሥቲቱ መታሰቢያ አድርጓል፤ በ1870 ንጉሡ በዚያው ማዕረግ ሊሾሙት ወስነው ጦርነቱ አሰናክሎታል። ተቃዋሚዎቹ ይህን አልዘነጉም። የአውራጃው ተወላጅ ዡል ግሬቪ፣ ኋላ የሪፐብሊኩ ፕሬዚዳንት የሆነው፣ ለሪፐብሊካውያኑ እጩዎች ድጋፉን ሰጠ። ድምፁ ሲቆጠር ሁለቱም መቀመጫዎች ለሪፐብሊካውያኑ ሆኑ፤ ፓስተር ያገኘው 62 ድምፅ ብቻ ነበር።

አንዳንድ የሕይወት ታሪኩ ጸሐፊዎች መራጮቹን ሊቅ የማያውቁ አድርገው ያቀርባሉ። እኔ በዚህ አልስማማም። የዡራ ገበሬ የፓስተርን ሊቅነት አልካደም፤ የጠየቀው ሪፐብሊኩን ትደግፋለህ ወይ ብሎ ነው። ከወገን ሁሉ ነጻ ነኝ ማለት በቤተ ሙከራ ክብር ቢሆንም፣ በዚያ ጥር ግን ጥያቄውን እንደ መሸሽ ተቆጠረ። የፓስተር ቅሬታም ውሸት አልነበረም፤ የቤተ ሙከራዎቹ ድህነት በዓይን የሚታይ ነበርና።

ፓስተር ወደ ሥራው ተመለሰ። ስለ ቢራ የጻፈው መጽሐፍ በዚያው ዓመት ታተመ፤ በ1877 የአባ ሰንጋን ምርምር ያዘ። በ1881 በፑዪ ለፎር በጎች ላይ የአባ ሰንጋን ክትባት በሕዝብ ፊት ፈተነ። ሐምሌ 6 ቀን 1885 ደግሞ እብድ ውሻ የነከሰውን የዘጠኝ ዓመት ልጅ፣ ዮሴፍ ማይስተርን፣ መከተብ ጀመረ። ከዚያ በኋላ በተከፈተው መዋጮ ከ2 ሚሊዮን ፍራንክ በላይ ተሰብስቦ የፓስተር ኢንስቲትዩት በ1888 ተመረቀ። በ1895 ሲሞትም መንግሥት በክብር ቀበረው።

ከአርቧ ጋር ግን አልተቀያየመም። ከምርጫው ሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1878፣ በዚያ በነበረው የወይን ተክል ላይ የመስተዋት ቤት አሠርቶ፣ እርሾ ከወይኑ ፍሬ ውስጥ ሳይሆን ከውጭ የሚመጣ መሆኑን ለማረጋገጥ ሲሠራ ነበር። ከዚያም በኋላ ወይን በሚለቀምበት ወራት ወደ አባቱ ቤት መመላለሱን ቀጠለ።