ዑመር አል-ሙኽታር እና በሽቦ የታጠረው ድንበር

ሊቢያንና ግብጽን የሚለየው መስመር ከሜዲትራኒያን ባሕር ዳርቻ ተነስቶ ወደ ደቡብ ይወርዳል። በሰሜን ጫፉ፣ ሰሉም ከተሰኘችው የግብጽ የወደብ ከተማ ጀርባ፣ ቀጥ ያለ ገደል ይገኛል። ከገደሉ አናት ወደ ምዕራብ ድንጋያማ ሜዳ ይዘረጋል፤ በታኅሣሥና በጥር ጥቂት ዝናብ ሲጥልበት በየሸለቆው ገብስ ይዘራል፣ በግና ግመል ይሰማራል። በቀሩት ወራት ሰውም ከብቱም የሚሰበሰበው በውሃ ጉድጓዶች ዙሪያ ነው። ከባሕሩ ከሁለት መቶ ኪሎ ሜትር በላይ ወደ ደቡብ ሲኬድ፣ ከባሕር ወለል ዝቅ ባለ ረባዳ ስፍራ፣ ሁለት የቴምር መንደሮች ይገኛሉ፤ ጃግቡብ በሊቢያ በኩል፣ ሲዋ በግብጽ በኩል። ከእነርሱ ወዲያ ታላቁ የአሸዋ ባሕር ይጀምራል።

በኦቶማኖች ዘመን እዚህ ምድር ላይ በውል የተሰመረ ድንበር አልነበረም። ሁለቱም አገሮች በስም የአንድ ሡልጣን ግዛቶች ነበሩ። በግብጽ ምዕራባዊ በረሃ የሚኖሩት የአውላድ ዓሊ ጎሳዎች እንኳ ቀድሞ ከበርቃ፣ ማለትም ከምሥራቃዊው ሊቢያ፣ ተፈናቅለው የመጡ ናቸው። የበርቃ አርብቶ አደር በጉን ወደ እስክንድርያ ገበያ ነድቶ ሸጦ ሲመለስ ሻይ፣ ስኳር፣ ሩዝና ጨርቅ ይዞ ይገባል። ክፉ ዘመን ሲመጣ ደግሞ በዚያው መንገድ ጠመንጃና ጥይት ይገባ ነበር። የዑመር አል-ሙኽታርን ሕይወት ያለዚህ መንገድ መረዳት አይቻልም።

ዑመር የተወለዱት ከጦብሩቅ ከተማ አቅራቢያ ባለ የገጠር ቀበሌ ነው። ስለ ልደታቸው ዓመት ጸሐፊዎች አይስማሙም፤ አንዳንዶች 1858 ይላሉ፣ ሌሎች 1862 (ዓመታቱ ሁሉ እንደ ጎርጎርዮሳውያን አቆጣጠር ናቸው)። ጎሳቸው ሚኒፋ ይባላል። አባታቸው ለሐጅ ወደ መካ ሲጓዙ በመንገድ ሞቱ፤ ልጁም በአደራ ለአንድ ሸይኽ ተሰጡና በዛዊያ አደጉ። ዛዊያ ማለት በሰኑሲያ ጠሪቃ ሥርዓት መስጊድ፣ የቁርኣን ትምህርት ቤት፣ የእንግዳ ማረፊያና የጎሳዎች መሸምገያ በአንድ ግቢ የሚገኙበት ተቋም ነው። ብዙዎቹ ዛዊያዎች ነጋዴና ሐጃጅ በሚያልፍባቸው መንገዶች ላይ፣ በውሃ ጉድጓድ አጠገብ የተተከሉ ነበሩ።

ወጣቱ ዑመር ከዚያ ወደ ጃግቡብ ተላኩ። ጃግቡብ ያኔ የሰኑሲያ መናገሻ ነበረች፤ የጠሪቃው መሥራች ሙሐመድ ቢን ዓሊ አስ-ሰኑሲ የተቀበሩባት፣ ከብዙ አገር የመጡ ደረሳዎች የሚማሩባት ከተማ። ስምንት ዓመት ያህል ቁርኣንና ፊቅህ ተማሩባት። ዕድሜ ልካቸውን የቁርኣን አስተማሪ ሆነው ኖረዋል። ጦረኛ መሆን የታሰበላቸው ሙያ አልነበረም።

የመሥራቹ ልጅና ተከታይ ሙሐመድ አል-መህዲ በአረንጓዴው ተራራ፣ በጀበል አኽደር፣ የምትገኘውን የአል-ቁሱር ዛዊያ እንዲመሩ ሾሟቸው። ተራራው ከባሕሩ በላይ ከስምንት መቶ ሜትር የሚበልጥ ከፍታ አለው፤ የጥድ ዛፍ፣ ዋሻና ጥልቅ ሸለቆ የሞላበት ነው። ኋላም ወደ ደቡብ፣ ዛሬ ቻድ ወደምትባለው አገር፣ ተጉዘው በዚያ ወደ ሰሐራ ይገፋ የነበረውን የፈረንሳይ ጦር ከተዋጉት መካከል ሆኑ። ወደ አል-ቁሱር ሲመለሱ በዕድሜ የበሰሉ፣ ጎሳዎችን ሁሉ በስም የሚያውቁ፣ በፍርዳቸው የታመኑ ሸይኽ ነበሩ።

በ1911 ኢጣሊያ ሊቢያን ወረረች። በዓመቱ የኦቶማን መንግሥት የሰላም ውል ፈርሞ ሲወጣ ጦርነቱ በሰኑሲያና በጎሳዎቹ ትከሻ ላይ ወደቀ። ቀጥሎ የሆነው ነገር ለኋለኛው ታሪክ መክፈቻ ነው። በ1915 መገባደጃ የሰኑሲያው መሪ አሕመድ አሽ-ሸሪፍ የሰሉምን ድንበር ተሻግረው በግብጽ ያለውን የእንግሊዝ ጦር ወጉ፤ እንግሊዞች ድል አድርገው መንገዱን ዘጉት። በበርቃ ረኀብ ገባ። የአሕመድ አሽ-ሸሪፍ ተከታይ የሆኑት ሰይድ ኢድሪስ በ1917 ከእንግሊዝና ከኢጣሊያ ጋር የተዋዋሉበት አንዱ ምክንያት የሰሉም ገበያ እንዲከፈት ነበር። ያን ጊዜ ሁሉም አየ፤ የበርቃ እስትንፋስ በምሥራቅ በር በኩል ነው።

የፋሺስት ፓርቲ በሮም ሥልጣን በያዘበት በ1922 ዓመት ማብቂያ ሰይድ ኢድሪስ ወደ ግብጽ ወጡ። ዑመር አል-ሙኽታር በ1923 ድንበሩን ተሻግረው ተከተሏቸውና መከሩ። ግብጽ ሳሉ ኢጣሊያኖች ደሞዝና ምቾት ያለበት ኑሮ ቢያቀርቡላቸውም እምቢ አሉ። ዕድሜያቸው ከስልሳ ያለፈ ሰው እዚያው ቢቀሩ የሚወቅሳቸው አይኖርም ነበር። እርሳቸው ግን ተመለሱ። ድንበሩን አልፈው ቢር አል-ገቢ ከተባለ ጉድጓድ አጠገብ ሲደርሱ የኢጣሊያ ብረት ለበስ መኪናዎች አድፍጠው ጠበቋቸው፤ ተዋግተው አመለጡና ተራራው ገቡ።

በተራራው ያደራጁት ሥርዓት ለኢጣሊያ ጄኔራሎች እንቆቅልሽ ሆነባቸው። ተዋጊዎቹ በየጎሳቸው በሰፈር ተከፍለው፣ እያንዳንዱ ጎሳ የሞተበትን ይተካል፣ ስንቅ ያቀብላል፣ ከመከሩና ከመንጋው ዘካና ዑሽር ያወጣል። ለኢጣሊያ እጁን ሰጥቷል የተባለው ገበሬ ጭምር ግብሩን ለሸይኹ ይልክ ነበር። ቀን ቀን የሚገዛው የኢጣሊያ ሹም ነው፤ ሲመሽ መንግሥቱ የሸይኹ ይሆናል። በአንድ ጊዜ የሚሰለፉት ተዋጊዎች ብዙ አልነበሩም፤ የገጠማቸው ጦር ግን ከአስር ሺህ የሚበልጥ፣ አውሮፕላንና መድፍ ያለው ነበር። ልዩነቱን የሚያጠብበው ሁለት ነገር ነው፤ ከጎናቸው ያለው የገጠር ሕዝብ፣ እና ከግብጽ የሚመጣው የግመል ጭነት። በሬ፣ በግና ገብስ ወደ ሰሉም ይወርዳል፤ በምትኩ ጥይት፣ ሻይና ልብስ ይወጣል።

ኢጣሊያ በመጀመሪያ ድንበሩን በወረቀት ለመያዝ ሞከረች። በታኅሣሥ 1925 ከግብጽ ጋር በተፈረመው ውል ሰሉም ለግብጽ ጸናች፤ ጃግቡብ ለኢጣሊያ ተሰጠች። በየካቲት 1926 የኢጣሊያ ጦር ከተማዋን ያዘ። ዑመር በልጅነታቸው የተማሩባት መንደር በሌሎች ጠረጴዛ ላይ ተቆርሳ ከወዲያኛው ወገን ሆነች። መንገዱ ግን አልተዘጋም። ሁለት መቶ ኪሎ ሜትር ሜዳ በውል ፊርማ አይዘጋምና፣ በሌሊት በኮከብ የሚጓዝ ግመለኛ የት እንደሚያልፍ ማንም ሊነግረው አያስፈልግም ነበር።

በሰኔ 1929 ሁለቱ ወገኖች ሲዲ ረሑማ በተባለ ቦታ ተገናኝተው ተነጋገሩ። አገረ ገዢው ባዶሊዮ ለሮም የላኩት ዜና ሸይኹ እጃቸውን እንደሰጡ የሚገልጽ ነበር። ሸይኹ ደግሞ የተስማሙት በተኩስ ማቆም እንጂ በመገዛት እንዳልሆነ አሳወቁ። በዚያው ዓመት መገባደጃ ውጊያው ቀጠለ።

በመጋቢት 1930 ጄኔራል ሮዶልፎ ግራዚያኒ የበርቃ ምክትል አገረ ገዢ ሆኖ መጣ። ይህ ሰው ለኢትዮጵያ አንባቢ መግለጫ አያሻውም። ግራዚያኒ ችግሩን የተረዳው በትክክል ነው፤ መፍትሔው ግን ጭካኔ ነበር። ሸይኹን በተራራው ላይ ማሳደዱን ብቻውን ከንቱ አድርጎ ስላየው፣ የሚመግባቸውን ሕዝብና የሚያስታጥቃቸውን ድንበር ለመቁረጥ ተነሳ። የዛዊያዎቹን ንብረት ወረሰ፣ ሸይኾቹን ወደ ኢጣሊያ ደሴት አጋዘ። ከሰኔ 1930 ጀምሮ አንድ መቶ ሺህ ያህል ሰው፣ ሴትና ሕፃን ሽማግሌም ሳይቀር፣ ከአረንጓዴው ተራራና ከድንበሩ ሜዳ እየተነዳ በሲርት ባሕረ ሰላጤ አካባቢ በተሠሩ ማጎሪያ ካምፖች ታጎረ፤ አል-ዓጌላ፣ አል-ብሬጋ፣ አል-መግሩን፣ ሱሉቅ። ከጦብሩቅ አካባቢ የተነሱት ጎሳዎች በመቶዎች የሚቆጠር ኪሎ ሜትር በእግራቸው ሄደዋል። መንጋው በመንገድና በካምፕ አለቀ፤ ከሰዎቹም በአስር ሺዎች የሚቆጠሩት በረኀብና በበሽታ ሞቱ። የዑመር ጎሳ ሚኒፋም ከታጎሩት አንዱ ነበር።

ሁለተኛው ሥራ አጥሩ ነው። በ1931 መጀመሪያ ወራት ተጀምሮ በመስከረም ያለቀው ይህ አጥር ከበርዲያ ወደብ ተነስቶ ከጃግቡብ አልፎ እስከ አሸዋው ጠርዝ ይዘልቃል። ርዝመቱ 270 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። በሲሚንቶ የተተከሉ የብረት ምሰሶዎች በብዙ ረድፍ ቆመው፣ በመካከላቸው ባለ እሾህ ሽቦ ተጠላልፎ የተሠራ ነበር። በአጠገቡ ምሽጎች፣ የስልክ መስመርና የአውሮፕላን ማረፊያዎች ነበሩት፤ ብረት ለበስ መኪናዎችም ይመላለሱበት ነበር። ስለ ሊቢያ ጦርነት ከሚነገሩት ውጊያዎች ሁሉ ይልቅ የዑመር አል-ሙኽታርን ትግል የጨረሰው ይህ ጥይት የማይተኩስ አጥርና ካምፖቹ ናቸው ቢባል ስሕተት አይሆንም።

እዚህ ላይ ዝም ተብሎ የማይታለፍ ነገር አለ። በኢጣሊያ ሰንደቅ ዓላማ ሥር በሊቢያ ከተዋጉት መካከል ከኤርትራ የተመለመሉ የአስካሪ ሻለቃዎች ነበሩ፤ ከመረብ ወዲህ የተቀጠሩም አልታጡባቸውም። ገብረየሱስ ኃይሉ በ1927 በትግርኛ ጽፈውት በ1950 አሥመራ የታተመው ልቦለድ የነዚህን ወጣቶች ወደ ሊቢያ መወሰድ የሚተርክ ነው። ዕዳው በሌላ አቅጣጫም ተመልሷል። በ1935 ግራዚያኒ በኦጋዴን ግንባር ሲዘምት ያሰለፈው የሊቢያ ተወላጆችን ጦር ጭምር ነበር፤ በየካቲት 1937 አዲስ አበባ የደረሰባትንም ሁሉም ያውቃል።

ዑመር ወደ መጨረሻው ዓመት ሲገቡ ከሰባ ዓመት ያለፉ አረጋዊ ነበሩ። በ1930 በአንድ ውጊያ መነጽራቸው ወድቆ በግራዚያኒ እጅ ገብቷል። ጥይት ተመናምኗል፣ ስንቅ የሚያቀብል መንደር የለም፣ ኩፍራ በጥር 1931 ተይዛለች። ወደ ግብጽ እንዲሻገሩ የመከሯቸው ነበሩ፤ አልተሻገሩም። መስከረም 11 ቀን 1931 ስሎንታ አቅራቢያ ከጥቂት ፈረሰኞች ጋር ሲጓዙ ተከበቡ። ፈረሳቸው ተመትቶ ሲወድቅ ከሥሩ መነሳት አልቻሉም። ማንነታቸውን ያወቁት በኢጣሊያ ጦር ውስጥ ያገለግሉ የነበሩ የአገሬው ፈረሰኞች ናቸው።

በባሕር ወደ ቤንጋዚ ተወስደው መስከረም 15 ለፍርድ ቀረቡ። ችሎቱ ከአንድ ሰዓት ብዙም አልዘለለም። ክሱ በመንግሥት ላይ ማመፅ ነው፤ ለዚያ መንግሥት ተገዝቶ የማያውቅ ሰው እንዴት አማፂ ሊባል እንደሚችል ግን ችሎቱ አልመረመረም። የመከላከያ ጠበቃ ሆኖ የተመደበው የኢጣሊያ መኮንን ሥራውን ከልቡ በመሥራቱ ራሱ ተቀጣ። በማግስቱ ጠዋት ሸይኹ በሱሉቅ ካምፕ ተሰቀሉ፤ ሃያ ሺህ ያህል እስረኞች እንዲያዩ ተገደዱ። በማጎሪያው ውስጥ የቆሙት እነዚህ ሰዎች ለሃያ ዓመት ዘካቸውን የሰጧቸው፣ ልጆቻቸውን ያስተማሩላቸው፣ ጠባቸውን ያስታረቁላቸው ነበሩ።

ከእርሳቸው በኋላ አመራሩን የያዙት ምክትላቸው ዩሱፍ ቡ ረሒል ናቸው። የቀሩት ጥቂት ተዋጊዎች ወደ ምሥራቅ አመሩ፤ መውጫው ድንበሩ ብቻ ነበርና። አብዱልሐሚድ አል-ዓባር ሽቦውን ጥሰው ግብጽ ገቡ። ዩሱፍ ቡ ረሒል በታኅሣሥ 1931 ከአጥሩ ሳይርቁ ተከበው ተገደሉ። በጥር 1932 ባዶሊዮ ጦርነቱ ማብቃቱን አወጀ።

ከስምንት ዓመት በኋላ፣ በሰኔ 1940፣ ኢጣሊያ ጦርነት ባወጀች ማግስት፣ የእንግሊዝ ብረት ለበስ መኪናዎች ከግብጽ በኩል መጥተው ያን ሽቦ በየቦታው ጥሰው አለፉ። በዚያው ክረምት በነሐሴ፣ ሰይድ ኢድሪስ ባቀረቡት ጥሪ፣ በግብጽ በስደት ይኖሩ ከነበሩት የበርቃ ሰዎች አንድ ጦር ተቋቋመ። ከተመዘገቡት ብዙዎቹ የዑመር አል-ሙኽታር ተዋጊዎች ወይም የእነርሱ ልጆች ነበሩ። በተሰደዱበት መንገድ፣ በሰሉም ገደል በኩል፣ ወደ አገራቸው ተመለሱ።