ቶማስ በርንሃርድ፦ ፊልሙና ኑዛዜው

ኦስትሪያዊው ደራሲ ቶማስ በርንሃርድ እ.ኤ.አ. በ1931 በኔዘርላንድስ ሄርለን ተወለደ። አባቱን በዓይኑ አላየም፤ የቀረጸው ደራሲ የነበረው አያቱ ነው። በ18 ዓመቱ በሳንባ ሕመም ከሞት አፋፍ ቢመለስም ሕመሙ እስከ መጨረሻው አልለቀቀውም። በ1963 ከታተመው «ውርጭ» ልቦለዱ ጀምሮ ሕመም፣ ሞትና የአገሩ ግብዝነት ከብዕሩ አልተለዩም።

በ1970 ዳይሬክተር ፌሪ ራዳክስ «ሦስት ቀናት» በተሰኘው ፊልሙ ያለ ተዋናይ አሳየው። በርንሃርድ ሐምቡርግ በሚገኝ መናፈሻ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጦ ስለ ልጅነቱና ስለ ብቸኝነቱ ያወራል፤ ካሜራው ያዳምጣል። ተስፋ የቆረጠ የሚባልን ሰው ለማሳየት ከዚህ በላይ አላስፈለገም።

በ1988 «ሄልደንፕላትስ» የተባለው ተውኔቱ የኦስትሪያን የናዚ ዘመን ቁስል ነካክቶ ቪየናን አናወጠ። በቀጣዩ ዓመት ሲሞት፣ የቅጂ መብቱ ጸንቶ እስካለ ድረስ ሥራዎቹ በኦስትሪያ እንዳይታተሙና በመድረክ እንዳይቀርቡ ተናዝዞ ነበር። አሥር ዓመት ያህል ቆይቶ ግን ክልከላው ላላ። ኑዛዜ የሟች ቃል ቢሆንም ፈጻሚዎቹ ሕያዋን ናቸውና።

በእኔ እምነት ኑዛዜው የጥላቻ ብቻ አልነበረም። አገሩን የረሳ ሰው አገሩን ለይቶ አይከለክልም።