ሂዌት፦ ለአፄ ዮሐንስ ቃል ገብቶ የሄደው አድሚራል

ታሪክ ስንማር የሂዌት ውል የሚባለውን ለፈተና ያልሸመደደ የለም። ሰውየው ግን ማን ነበር? ዛሬ እሱን እናውራ። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ዊሊያም ሂዌት በ1834 እንግሊዝ አገር ብራይተን ውስጥ ተወለደ። የባሕር ኃይል የገባው ገና ልጅ ሆኖ በ1847 ነው።

ስሙ የወጣው ክራይሚያ ላይ ነው። ጥቅምት 1854፣ ሴቫስቶፖል አጠገብ፣ ዕድሜው 20። አንድ ትልቅ መድፍ ይዞ ሳለ ሩሲያውያን በጎን መጡበት። መድፉን ከጥቅም ውጪ አድርገህ ሽሽ የሚል ትዕዛዝ ደረሰው። እሱ ግን ይሄ ከአለቃዬ የመጣ አይደለም ብሎ እምቢ አለ። የምሽጉን ግድግዳ አስፈርሶ መድፉን አዞረና ተኮሰባቸው፤ ሩሲያውያኑም ተመለሱ። በ1857 የእንግሊዝ ትልቁ የጀግንነት ሜዳልያ ቪክቶሪያ ክሮስ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲሰጥ፣ ከንግሥቲቱ እጅ ከተቀበሉት 62 ሰዎች አንዱ ሆነ።

ከዚያ በኋላ ማዕረጉ ከፍ እያለ ሄደ። በ1873 እና 1874 በአሻንቲ ጦርነት የምዕራብ አፍሪካውን የባሕር ኃይል መርቶ ሰር ተባለ። በ1882 ደግሞ ሪር አድሚራል ሆኖ ከሕንድ ውቅያኖስ እስከ ቀይ ባሕር ያለው መርከብ ሁሉ በሱ ሥር ሆነ።

እኛ ጋ የመጣው እዚህ ላይ ነው። በ1884 የሱዳን ማህዲስቶች የግብፅን ጦር ከሰላ፣ አሜዲብና ሰንሂት ላይ ከበው ይዘውታል። ግብፅን የያዘችው እንግሊዝ ይህን ጦር ማውጣት አለባት፣ መውጫው ደግሞ በኢትዮጵያ በኩል ነው። ሂዌት ከምፅዋ ተነስቶ አድዋ ወጣ፣ አፄ ዮሐንስ 4ኛ እስኪመጡም ጠበቀ። ሰኔ 3 ቀን 1884 ውሉ ተፈረመ።

ነገሩ እንዲህ ነው፦ ኢትዮጵያ የተከበበውን የግብፅ ጦር በግዛቷ አሳልፋ ወደ ምፅዋ ታወጣለች። በምላሹ ግብፅ የያዘችው ቦጎስ ይመለስላታል፣ መሣሪያን ጨምሮ ዕቃዋ በእንግሊዝ ጥበቃ በምፅዋ በነፃ ይገባል። አፄ ዮሐንስ ወደቡን ራሱን ነበር የፈለጉት፤ ያገኙት ግን ማለፊያውን ብቻ ነው።

ኢትዮጵያ የድርሻዋን ተወጣች። ቦጎስም ተመለሰ። ራስ አሉላ መስከረም 1885 ኩፊት ላይ ከዑስማን ዲግና ጦር ጋር ብርቱ ውጊያ ገጥመው አሸነፉ። ማህዲስቶቹ ግን ከዚያ ወዲያ የኢትዮጵያ ደመኛ ሆኑ።

እንግሊዝስ? ውሉ በተፈረመ በ8 ወሩ፣ የካቲት 5 ቀን 1885፣ ጣሊያን ምፅዋ ላይ ወረደች። እንግሊዝ አልከለከለችም፤ እንዲያውም ወደቡ ፈረንሳይ እጅ ከሚገባ ጣሊያን ትያዘው ብላ ደገፈች። ጣሊያን ከባሕሩ ዳር ወደ ውስጥ ስትገፋ ጥር 1887 ራስ አሉላ ዶጋሊ ላይ ደመሰሷት። አፄ ዮሐንስ በሁለት በኩል ጠላት መጣባቸው።

ሂዌት በዚህ ውሳኔ ላይ ሥልጣን አልነበረውም። ውሉን በፈረመ በወሩ ቫይስ አድሚራል ሆነ፣ ኋላም የእንግሊዝን የቻነል መርከቦች አዘዘ። ግንቦት 13 ቀን 1888 ፖርትስመዝ አካባቢ ባለው የባሕር ኃይል ሆስፒታል በ53 ዓመቱ አረፈ። አፄ ዮሐንስም ዓመት ሳይሞላ፣ መጋቢት 1889፣ መተማ ላይ ከማህዲስቶች ጋር ሲዋጉ ወደቁ።

በ20 ዓመቱ መድፌን ጥዬ አልሄድም ያለው ሰው ፊርማውን መንግሥቱ በ8 ወር ጣለው። እንግሊዝ አገር የሚታወቀው በሜዳልያው ነው፣ እኛ ጋ ግን ስሙ የቀረው በዚያ ውል ነው።