ዐፄ ቴዎድሮስ በደብረ ታቦር፦ መንገዱ፣ ምድጃውና ሕዝቡ

ካሣ ኃይሉ በ1811 ዓ.ም. ገደማ በቋራ ተወለዱ። በሰኔ ወር 1845 ዓ.ም. በአይሻል ራስ ዓሊን ድል ካደረጉ በኋላ፣ በየካቲት 1847 ዓ.ም. በደረስጌ ማርያም ዐፄ ቴዎድሮስ ተብለው ነገሡ። ራስ ጉግሣ የቈረቈሩት ደብረ ታቦርም ከዋና ማረፊያዎቻቸው አንዱ ሆነ።

ንጉሡ በመጀመሪያ ወታደሩ ባላገሩን እንዳይዘርፍ አዘዙ፤ ደመወዝም ሊቈርጡለት ሞከሩ። መንገድ ሲያስጠርጉም ድንጋይ በእጃቸው ያነሡ ነበር። በደብረ ታቦር አጠገብ በምትገኘው በጋፋት የሰፈሩት አውሮፓውያን የእጅ ባለሙያዎች መድፍ እንዲሠሩላቸው ጠየቁ። ባለሙያዎቹ ሥራውን አያውቁትም ነበርና የመጀመሪያው ሙከራ ከሸፈ፤ ምድጃው እየተሻሻለ ሄዶ ግን በ1859 ዓ.ም. ሰባት ቶን ያህል የሚመዝነው ሴባስቶፖል ተቀለጠ።

ይሁን እንጂ ምድጃው በጋለበት ዘመን የሕዝቡ ልብ ቀዝቅዞ ነበር። አመፅ በየአውራጃው ሲነሣ ንጉሡ ቅጣቱን አከበዱ፤ ግብር የሚያገባው አገር በጠበበ ቍጥር ሠራዊቱ የሚኖረው ከቀረው ገበሬ ጎተራ በሚወስደው እህል ሆነ። በ1859 ዓ.ም. ጐንደር ተዘርፋ ተቃጠለች። በበጌምድር ገበሬው እህሉን ደብቆ፣ ከብቱን ነድቶ ሸሸ። በጐንደርና በጎጃም መካከል ለሚመላለሰው ነጋዴ መገናኛ የነበረችው ይፋግ የምትኖረው በገበያዋ ነበር፤ ገበያ ደግሞ የሚቆመው መንገዱ ሰላም ሲሆንና ሻጭ ያመጣውን እንደማይነጠቅ ሲያምን ብቻ ነው።

በጥቅምት መግቢያ 1860 ዓ.ም. ንጉሡ ደብረ ታቦርን አቃጥለው ወደ መቅደላ ተነሡ። ሴባስቶፖል በጋሪ ላይ ተጭኖ በብዙ መቶ ሰዎች ጉልበት ይጐተት ነበር። ገደሉ እየተናደ፣ ቋጥኙ በባሩድ እየተፈነቀለ፣ የጂጣንና የበሽሎን ሸለቆዎች የሚያቋርጥ መንገድ ተሠራ፤ ጉዞውም ስድስት ወር ያህል ፈጀ። ያ መንገድ እስከ ዛሬ ድረስ የሚያስደንቅ የምሕንድስና ሥራ ነው። ነገር ግን የተሠራው ገበሬን ከገበያ ለማገናኘት ሳይሆን፣ የከዳውን አገር ትቶ ለመሄድ ነበር።

ሴባስቶፖል መቅደላ ቢደርስም የጦርነቱን ውጤት አልለወጠም። ዐፄ ቴዎድሮስ ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. ለእንግሊዝ ጦር እጃቸውን ከመስጠት ይልቅ ራሳቸውን ገደሉ። መድፉ ዛሬም በዚያው በአምባው ይገኛል። የብረቱን ክብደት መመዘን ይቻላል፤ እርሱን ለመጐተት የተከፈለው የሰው ጉልበትና የባዶ ጎተራ ዋጋ ግን በየትኛውም ሚዛን ሳይሰፈር ቀርቷል።