ሦስት ጊዜ የተጋዘው የኮሪያ ባለቅኔ

ኮሪያ ሲባል ብዙዎቻችን ትዝ የሚለን የቃኘው ሻለቃ ነው፤ ለወጣቶቹ ደግሞ በስልክ የሚያዩት ድራማ። ዛሬ ከዚያ ሁሉ ብዙ ወደ ኋላ ሄደን ዩን ሰንዶ ስለሚባል ሰው እናወጋለን። ሹም ነበር፣ የልዑላን መምህር ነበር፣ ገጣሚ ነበር። በዕድሜው ሦስት ጊዜ ተግዟል፤ ሁለቱን ጊዜ ለንጉሥ በጻፈው አቤቱታ የተነሳ ነው። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

የተወለደው በ1587 ዛሬ ሴኡል በምትባለው ከተማ ነው። ገና በልጅነቱ ወራሽ ላጣ አጎቱ ተሰጠ። የአጎትየው ቤት በደቡብ ጫፍ፣ ሄናም በሚባል አገር፣ ሰፊ መሬትና ብዙ ባሪያ ያለው ትልቅ ቤት ነበር። ይህን ሀብት ያዙልኝ፣ ኋላ እንመለስበታለን።

በ1616 ዩን ሰንዶ ገና የ29 ዓመት ተማሪ ነበር፤ ሹመት የለው፣ ጠባቂ የለው። በዚያን ጊዜ በቤተ መንግሥት ዪ ኢቾም የሚባል ባለሥልጣን ነበር፤ ፈተናውን ለወገኖቹ ያከፋፍላል፣ ሹመቱን እሱ ይሰጣል፣ ንጉሡም የሚሰማው እሱን ነው። ሁሉም ያውቃል፣ ማንም አይናገርም። ልጁ ተነስቶ ይህንኑ በስም ጠርቶ ለንጉሡ ጻፈ። ምላሹ ግዞት ሆነ፤ በሰሜን ጠረፍ ግዮንግወን ወደምትባል ቀዝቃዛ አገር ተላከ። ያሳደገው አባቱም አገረ ገዥ ነበር፤ በልጁ ጦስ ከሥራው ተባረረ። እንግዲህ የአቤቱታው ዋጋ በጸሐፊው ብቻ አላበቃም ማለት ነው። ኋላ ወደ ደቡብ፣ ጊጃንግ ወደምትባል የባሕር ዳር አገር አዛወሩት። ነጻ የወጣው በ1623 ንጉሡ ከዙፋን ሲወርድ ነው።

የመጀመሪያዎቹን ዜማዊ ግጥሞቹን የገጠመው በዚያ በሰሜን ግዞት ነው፤ ስለ ሩቅ ወላጆቹ፣ ስለ ንጉሡ፣ ስለማይቆጭበት ሥራው። የገጠማቸውም በኮሪያ ቋንቋ ነው። ይሄ ቀላል ነገር አይምሰላችሁ። ንጉሥ ሴጆንግ የኮሪያን ፊደል ካወጀ ከ1446 ጀምሮ 170 ዓመት ቢያልፍም፣ የተማረው ሰው ቁም ነገሩን የሚጽፈው በቻይና ጽሕፈት ነበር። የአገሩን ፊደል የሴቶችና የተራ ሰው እያሉ ይንቁት ነበር። እኛም ዘንድ ቤቱና ገበያው አማርኛ እየተናገረ መጽሐፉና ዜና መዋዕሉ በግዕዝ የተጻፈበት ዘመን ረጅም አይደል? ዩን ሰንዶም አቤቱታውን በቻይና ጽሕፈት ጻፈ፣ ናፍቆቱን ግን እናቱ በምትሰማው ቋንቋ ገጠመ።

ከ1628 ጀምሮ የንጉሥ ኢንጆን ሁለት ልጆች አስተማረ። በ1636 ክረምት ማንቹዎች ኮሪያን ወረሩ። ዩን ሰንዶ ከሄናም ሰው አሰባስቦ፣ በጀልባ ጭኖ፣ የንጉሡ ቤተሰብ ወደተሸሸገበት ጋንግህዋ ደሴት ቀዘፈ። ሲደርስ ደሴቱ ተይዟል። ወዲያው ንጉሡ እጁን ሰጠ የሚል ወሬ ሰማ። ወደ ጄጁ ደሴት ሊሄድ ተነሳ፤ በመንገዱ ግን ቦጊል የምትባል ትንሽ ደሴት አየና ልቡ እዚያው ቀረ። ንጉሡን ሳትጠይቅ አለፍክ ተብሎ በ1638 ለሁለተኛ ጊዜ ተጋዘ፤ በዓመቱ ተለቀቀ። ተማሪው የነበረው ልዑል ደግሞ በመያዣነት ወደ ማንቹዎች ተወስዶ ስምንት ዓመት ቆየ።

በቦጊል ቤት ሠራ፣ ወንዝ ገድቦ ኩሬ አበጀ፣ በኩሬው ዳር ሰገነት አቆመ። በድንኳን ለሚያድር ሰው ይሄ ሽርሽር እንጂ ስደት አይመስልም፤ ልክ ናችሁ። ያ የሄናም ሀብት ባይኖር ሰገነቱም አይኖርም ነበር። በ1651፣ በ64 ዓመቱ፣ እዚያው ሆኖ 40 አንጓ ያለው የዓሣ አጥማጅ ግጥሙን ገጠመ፤ ለአራቱ ወቅቶች አሥር አሥር። በየአንጓው መካከል ልሂድ፣ መልህቅ ላንሳ፣ ሸራ ልዘርጋ የሚል የጀልባ ጥሪ አለ፤ የመቅዘፊያው ድምፅም ሳይቀር ገብቷል። ዓሣ አጥምዶ ያደረ ሰው አልነበረም፤ ጀልባ ላይ ያለ ሰው አፍ እንዴት እንደሚናገር ግን ጆሮ ሰጥቶ አዳምጧል።

ተማሪው ከምርኮ ተመልሶ በ1649 ንጉሥ ህዮጆንግ ተብሎ ነገሠ። መምህሩን አልረሳም፤ አስጠራው፣ ቤትም ሰጠው። ሹማምንቱ ግን አላስቀመጡትም። ንጉሡ በ1659 ሲሞት ክርክር ተነሳ፦ የአባቱ ሚስት የነበረችው ንግሥት ሐዘን የምትቀመጠው አንድ ዓመት ነው ወይስ ሦስት? ለእኛ ተራ ነገር ይመስላል። ለእነሱ ግን ሁለተኛ ልጅ ሆኖ የነገሠው ህዮጆንግ እንደ በኩር ይቆጠራል ወይስ አይቆጠርም ማለት ነበር። ሶንግ ሲዮል የሚባለው ኃያል ሊቅና ወገኖቹ አንድ ዓመት ይበቃል አሉ። ዩን ሰንዶ በ73 ዓመቱ እንደገና ብዕር አነሳ፤ ሦስት ዓመት ነው፣ ያንን ማሳነስ ንጉሡን ማሳነስ ነው ሲል ጻፈ። አቤቱታው እንዲቃጠል ታዘዘ። እሱም ሳምሱ ወደሚባል የሰሜን ተራራማ አገር ተጋዘ፤ እዚያ ሰገነትም ኩሬም የለም። በ1665 ወደ ደቡብ አዛወሩት፣ በ1667 በ80 ዓመቱ ለቀቁት።

ሲለቀቅ ያደረገውን ስሙኝማ። ንጉሡ የሰጠው ቤት ሴኡል አቅራቢያ ነበር። በ1668 የቤቱን ከፊል አስፈርሶ፣ እንጨቱን በመርከብ አስጭኖ ሄናም ላይ መልሶ አቆመው። የተማሪው ስጦታ ስለሆነ አልተወውም። ራሱ ግን ወደ ቦጊል ተመለሰ፤ በ1671 እዚያው ሞተ።

ያ ቤት ዛሬም ሄናም ላይ ቆሟል፤ በገዛ እጁ ከጻፋቸው ግጥሞችም የተረፉ እዚያው ተጠብቀዋል። ውኃን፣ ድንጋይን፣ ጥድን፣ ቀርከሃንና ጨረቃን አምስት ጓደኞቼ እያለ የገጠመውን የኮሪያ ልጆች ዛሬም በትምህርት ቤት ይማሩታል።